ለገና ምሳ 6 ኪሎ ተርኪ፦ መቼ ከፍሪዘር ላውጣው? ኦቨን ውስጥስ ስንት ሰዓት ይቆይ?

የሽንብጥ ልጅ፦

ሰላም እንዴት ናችሁ። ጨንቆኝ ነው የምጽፈው፣ ሰርቶ የሚያውቅ ካለ እባካችሁ ቶሎ መልሱልኝ።

ታላቅ እህቴ ከአሜሪካ ከባሏና ከሁለት ልጆቿ ጋር ለገና ባህር ዳር ትመጣለች። ከመጣች ስድስት ዓመቷ ነው። ልጆቹ በስልክ «አክስቴ፣ እናንተ ጋ ተርኪ አለ?» ሲሉኝ (ያን ዶሮ የሚመስለውን ትልቅ ወፍ ማለታቸው ነው) አለ አልኳቸው፣ ምን ልበል። ከዚያ ፈልጌ ፈልጌ ከአዲስ አበባ 6 ኪሎ የሚሆን ፍሮዝን ተርኪ በበረዶ ሳጥን አስመጣሁ። አሁን ፍሪዘሬ ውስጥ ቁጭ ብሏል። ድንጋይ ነው። በማንኪያ ስነካው እንደ ጣውላ ይጮሃል።

ዶሮ ከልጅነቴ ጀምሮ ሰርቻለሁ፣ ወጡንም አሮስቶውንም። ተርኪ ግን ነክቼ አላውቅም። እናቴ ማን እንዳረደው የማላውቀውን አልቀምስም ብላ የራሷን ዶሮ ወጥ ትሰራለች፣ ስለዚህ ምግብ ይጎድላል ብዬ አይደለም የምጨነቀው። እንግዶቼን እንዳላሳምም ነው። ትንሹ ልጅ ገና 4 ዓመቱ ነው።

አንደኛ፣ ዋዜማው ማታ አውጥቼ ኩሽና ውስጥ ባሳድረው ጠዋት በረዶው ይለቀው ይሆን? ጎረቤቴ ሙቅ ውሃ ውስጥ ዘፍዝፊው ትላለች። ሁለተኛ፣ ያገኘሁት አዘገጃጀት ኦቨኑን 325 ላይ አድርጉ ይላል፣ የኔ ኦቨን ደግሞ 250 ላይ ያልቃል። ሦስተኛ፣ መብራት ቢጠፋስ? በበዓል ቀን የእኛን ሰፈር ታውቁታላችሁ።

ምሳው ታህሳስ 29፣ 7 ሰዓት ላይ ነው። እግዜር ይስጥልኝ።

ሀይቅ ዳር ሼፍ፦

እህቴ አይዞሽ፣ ጊዜ አለሽ። እኔ እዚሁ ባህር ዳር ሀይቁ ዳር ያለ ሆቴል ኩሽና ውስጥ 11 ዓመት ሰርቻለሁ፣ ለውጭ እንግዶች ተርኪ በየዓመቱ እንሰራለን።

መጀመሪያ ኩሽና ውስጥ ማሳደሩን እርሺው። ሙቅ ውሃውንም። ተርኪ ወፍራም ነው፣ ላዩ ቶሎ ይለቃል፣ ውስጡ ግን እንደ ድንጋይ ይቆያል። አንቺ ውስጡ እስኪለቅ ስትጠብቂ ላዩ ለሰዓታት ሞቆ ይቀመጣል። ባክቴሪያ በፍጥነት የሚራባው ከ4 እስከ 60 ዲግሪ ሴንቲግሬድ መካከል ነው። ሌሊቱ በረደ ብለሽ አትታለይ፣ የታህሳስ ብርድ የፍሪጅን ያህል አይሆንም፣ ኩሽናሽ ደግሞ ቀኑን ሙሉ ምድጃ ሲነድበት የዋለ ነው።

ትክክለኛው ቦታ ፍሪጅ ነው፣ ከፍሪዘሩ ታች ያለው ክፍል። ለእያንዳንዱ 2 ኪሎ ወይም ትንሽ ለሚበልጥ ክብደት 24 ሰዓት አስቢ። ያንቺ 6 ኪሎ ስለሆነ ሦስት ቀን ነው። እኔ ብሆን ታህሳስ 25 ጠዋት ከፍሪዘር አወርደዋለሁ። 28 ጠዋት ሦስት ቀን ይሞላዋል፣ ከዚያ አንድ ቀን መጠባበቂያ ይተርፍሻል። በረዶው ከለቀቀው በኋላ ፍሪጅ ውስጥ አንድ ሁለት ቀን ቢቆይ ችግር የለውም። መጠባበቂያዋን ግን እንዳትተያት። የእኛ ሰው ፍሪጅ በዓል ሲደርስ ጢም ብሎ ይሞላል፣ የሞላ ፍሪጅ ደግሞ አየር ስለማይዘዋወርበት ሁሉም ቦታ እኩል አይቀዘቅዝም።

ከማሸጊያው ሳታወጪ ጎድጎድ ያለ ትሪ ላይ አድርጊና ከሁሉም በታች አስቀምጪው። ደም ያለው ውሃ ያንጠባጥባል። ወሩ ጾም ነው፣ ፍሪጅሽ ውስጥ ሰላጣ፣ ተልባ፣ የተረፈ ሽሮ ይኖራል። ያ ውሃ እዚያ ላይ መድረስ የለበትም።

28 ማታ እጅሽን ሆዱ ውስጥ አስገቢና ዳስሺ። ብዙ ጊዜ አንገቱና ጉበቱ በከረጢት ታስሮ ውስጥ ይቀመጣል፣ አውጪው። ጣትሽ የጎድን አጥንቱ ጋ በረዶ ካገኘ ገና ነው ማለት ነው። ያኔ ቀዝቃዛ ውሃ ይረዳሻል፦ ውሃ በማያስገባ ፌስታል አጥብቀሽ እሰሪና ሳፋ ውስጥ ድፈቂው፣ ውሃውን በየ30 ደቂቃው ቀይሪ። ሙሉ በሙሉ በረዶ ለሆነ ተርኪ ይሄ ዘዴ በኪሎ አንድ ሰዓት ከምናምን ይፈጃል፣ ለ6 ኪሎ ወደ 7 ሰዓት ማለት ነው፣ ለተረፈው በረዶ ግን አንድ ሁለት ሰዓት ይበቃል። ውሃው ከሮቶ የሚመጣ ከሆነ እጅሽን አስገብተሽ ሞክሪው። ቀን ፀሐይ ሲመታው የዋለ የሮቶ ውሃ ቀዝቃዛ አይባልም፣ በረዶ ጨምሪበት። በውሃ ያስለቀቅሽውን ወዲያው ነው የምታበስዪው።

ኦቨኑን በተመለከተ 325 ያሉሽ በፋራናይት ነው። በሴንቲግሬድ 163 ይሆናል፣ አንቺ 165 ላይ አድርጊው። በዚህ ሙቀት ሆዱ ውስጥ ምንም ያልተሞላ 6 ኪሎ ተርኪ ከ3 ሰዓት እስከ 3 ሰዓት ከ45 ይፈጃል። ከ163 በታች አታውርጂው፣ ቀስ ብሎ ይብሰል ብለሽ 120 ላይ ብትተዪው ለብ ባለ ሙቀት ውስጥ በጣም ብዙ ይቆያል።

አሁን አንድ ነገር በደንብ ስሚኝ፣ ብዙ ሰው የሚሳሳተው እዚህ ጋ ነው። እንግሊዝኛው አዘገጃጀት ላይ 165 የሚል ቁጥር ታገኛለሽ። እሱ የስጋው የውስጥ ሙቀት ነው፣ በፋራናይት። በእኛ 74 ዲግሪ ሴንቲግሬድ ነው። የኦቨንሽ 165 እና የስጋው 165 የተለያዩ ነገሮች ናቸው። ኦቨኑ 165 ሴንቲግሬድ፣ ስጋው 74 ሴንቲግሬድ። ወረቀት ላይ ጽፈሽ ፍሪጁ ላይ ለጥፊው።

ሰዓቱ መቼ መለካት እንደምትጀምሪ ነው የሚነግርሽ። መብሰሉን የሚነግርሽ ቴርሞሜትር ብቻ ነው።

እናት ጓዳ፦

እንደምን አላችሁ ልጆቼ። ሼፉ ጥሩ ብሏል። ግን እጥበቱን ረሳው። ዶሮ በሎሚና በጨው ሳይታጠብ፣ ውሃው ኩልል እስኪል ሳይቀያየር ድስት አይገባም። እኛ እንዲያ ነው ያደግነው። ይሄ ደግሞ ከየት እንደመጣ የማይታወቅ ነው፣ የባሰ መታጠብ አለበት። ሽታውስ?

ጤና መኮንን ነኝ፦

እናቴ፣ የእርስዎ እጥበት ለቤት ዶሮ ተገቢ ነው። ቤት ታርዶ፣ ላባው ተነቅሎ፣ በእሳት ተለብልቦ፣ ሆዱ የወጣ ዶሮ ላዩ ላይ ደምም ላባም ይቀራል፣ ማጽዳት ግድ ነው። የታሸገው ተርኪ ግን ይሄን ሁሉ ጨርሶ ነው የመጣው። ላዩ ላይ ሊኖሩ የሚችሉት ሳልሞኔላና ካምፓይሎባክተር በዓይን አይታዩም፣ በውሃም በሎሚም አይሞቱም። የሚገድላቸው እሳት ነው። ቧንቧ ስር ሲያጥቡት ፍንጣቂው አጠገብ ያለው ሰላጣ ላይ፣ እንጀራው ላይ፣ የልጆቹ ኩባያ ላይ ያርፋል። እኛ ክሊኒክ በዓል ማግስት የሚመጣውን ተቅማጥና ትውከት አይተን ጨርሰናል፣ ምክንያቱ ብዙ ጊዜ ጥሬው የበሰለውን ስለነካው ነው።

እጄ እምቢ ይለኛል ካሉ ደግሞ እንዲህ ያድርጉት፦ ሳፋ ውስጥ በትንሽ ውሃ፣ ቀስ ብለው፣ አጠገብዎ ምንም ምግብ ሳይኖር። ሎሚውንና ጨውን በእጅ ያሹት፣ ለጣዕምም ለሽታም ጥሩ ነው። ከዚያ ሳፋውን፣ ቢላውን፣ መክተፊያውን በሳሙና፣ ቀጥሎ በረኪና ጠብ ባለበት ውሃ። ተርኪውን በወረቀት ሶፍት አድርቀው ወደ ትሪው።

የሽንብጥ ልጅ፣ ስለ ቴርሞሜትሩ። ፋርማሲ የሚሸጠው የትኩሳት መለኪያ አይሆንሽም፣ 42 ምናምን ላይ ያበቃል። የስጋ የሚባለው፣ ሹል ዘንግ ያለው ነው የሚያስፈልግሽ። እህትሽ ሻንጣዋ ውስጥ ትያዝልሽ፣ እዚያ በቀላሉ ይገኛል። ሲመጣ ሞክሪው። በረዶ የሞላበት ብርጭቆ ውሃ ውስጥ 0 ማለት አለበት። የፈላ ውሃ ውስጥ ግን 100 አትጠብቂ። ባህር ዳር ከባህር ጠለል በላይ 1,800 ሜትር አካባቢ ስለሆነች ውሃ እዚህ የሚፈላው ወደ 94 ዲግሪ ላይ ነው። 94 ካለሽ መለኪያሽ ልክ ነው፣ ተበላሽቷል ብለሽ እንዳትጥዪው። የኦቨኑ ሙቀት ግን በከፍታ አይቀየርም፣ 165ቱ እዚህም 165 ነው።

ጣና ዳር፦

እኔ አሳ ነጋዴ ነኝ፣ ፍሪዘር የእለት እንጀራዬ ነው። የደረሰብኝን ልንገርሽ።

አምና ለሰርግ መልስ ከሰው የተላከልኝን 7 ኪሎ ተርኪ እኔ ነበርኩ የሰራሁት። የቀረሶ አሳ ፊሌቶ ጠረጴዛ ላይ ወጥቶ ወዲያው ሲለቅ ስለማይ ይሄም ያው ነው ብዬ ማታ አውጥቼ ጠረጴዛ ላይ አሳደርኩት። ጠዋት ስነካው ለስላሳ ነበር። ኦቨን ውስጥ ከተትኩት፣ ከ3 ሰዓት በኋላ ቆዳው ወርቅ መሰለ፣ ቤቱ በመዓዛው ታወደ፣ ሁሉም ሰው አጨበጨበ። ፈረሰኛውን ስቆርጥ ደህና ነበር። መላላጫው ጋ ስደርስ ከአጥንቱ ስር ሮዝ ውሃ ወጣ፣ ስጋው እንደ ላስቲክ ይለጠጥ ነበር፣ አጥንቱን ስይዘው ቀዝቃዛ ነው። ቀዝቃዛ! ከ3 ሰዓት እሳት በኋላ። ውስጡ ሲገባም በረዶ ነበር ማለት ነው። ግማሹ ሰው በልቶ ነበር። በማግስቱ አራት ሰው ታመመ፣ አንዷ የሚስቴ እናት ነበሩ፣ ግሉኮስ ተደርጎላቸው ነው የተነሱት። እስከ ዛሬ ሳስበው ያመኛል።

ስለዚህ የቆዳ ቀለም አይቶ በስሏል ማለት የለም። አንዳንዱ ተርኪ ደረቱ ላይ ሲበስል ብቅ የሚል ቀይ ፕላስቲክ ይሰካበታል፣ እሱንም ብቻውን አትመኚው። ለኪ።

ስለ መብራት ከልምዴ፦ የሞላ ፍሪዘር በሩ ካልተከፈተ 48 ሰዓት ያህል በረዶውን ይይዛል፣ ግማሽ ከሆነ 24። ፍሪጅ ግን 4 ሰዓት ነው። ተርኪሽ ፍሪጅ ውስጥ እየለቀቀ መብራት ጠፍቶ ቶሎ ካልመጣ፣ 4 ሰዓቱ ሳይሞላ በረዶ ግዢና በበረዶ ሳጥን ውስጥ ቅበሪው። ውስጡ ገና በረዶ ከሆነ እሱም ራሱን ያቀዘቅዛል። እኔ ሁለት ሊትር የሃይላንድ ጠርሙስ ውሃ ሞልቼ ፍሪዘር ውስጥ ሁሌም አስቀምጣለሁ፣ ለእንዲህ ያለ ቀን።

የሽንብጥ ልጅ፦

ሁላችሁንም እግዚአብሔር ያክብራችሁ። ጣና ዳር፣ ታሪክህን አንብቤ ደነገጥኩ፣ እኔም ልክ እንደዚያ ላደርግ ነበር።

ሁለት ጥያቄ ቀረኝ። ሌሊቱን ቅዳሴ ነን፣ ከጊዮርጊስ የምንመለሰው ወደ 9 ሰዓት ሌሊት ነው። ጠዋት እንዳልቸኩል ዋዜማው ማታ ግማሽ አብስዬው ጠዋት ብጨርሰውስ? ደግሞ ኦቨን ውስጥ እያለ መብራት ቢጠፋ ምን ላድርግ?

ሀይቅ ዳር ሼፍ፦

ግማሽ ማብሰል በፍጹም። ግማሽ የበሰለ ስጋ ለባክቴሪያ የተመቸ ሙቀት ላይ ደርሶ፣ ሳይገድላቸው ቀዝቅዞ ያድራል። ወይ ሙሉ በሙሉ በዋዜማው ጨርሺው፣ ወይ ሙሉ በሙሉ ጠዋት ስሪው። ዶሮ ወጡም እኮ በዋዜማው ነው የሚሰራው። በዋዜማው ከጨረስሽ ወዲያው ከአጥንት እየለየሽ ቆራርጪና ሰፋ ባለ ሳህን ስስ አድርገሽ ዘርግተሽ ፍሪጅ አስገቢ፣ በማግስቱ ከአንገቱ መረቅ ጠብ አድርገሽበት፣ በፎይል ሸፍነሽ 74 እስኪደርስ አሙቂው።

ልጆቹ ሙሉውን ጠረጴዛ ላይ ማየት ከፈለጉ ግን እንዲህ ነው። ከቅዳሴ መልስ ተኚ። 2 ሰዓት ጠዋት ላይ ቀድሞ የጋለ ኦቨን ውስጥ አስገቢው። ከቆዳው ስር ንጥር ቅቤ በነጭ ሽንኩርትና በጥብስ ቅጠል ቀቢ። ንጥር ቅቤ እንደ ለጋው ቶሎ አያርም፣ እዚህ ላይ የኛ ቅቤ ይበልጣል። ሆዱ ውስጥ ዳቦም ሩዝም አትሙዪ፣ መሃሉ ላይ ለመድረስ እሳቱ ይቸገራል፣ ለብቻው ስሪው። ሎሚ ቆርጠሽ ብትከቺበት ግን ጥሩ ነው። ደረቱ ቶሎ ከጠቆረ በፎይል ጋርጂው።

4 ሰዓት ከ45 ላይ መለካት ጀምሪ። ሦስት ቦታ፦ የደረቱ ወፍራሙ ቦታ፣ የጭኑ ጥግ ከሰውነቱ ጋር የሚገናኝበት፣ ክንፉ ስር። ዘንጉ አጥንት እንዳይነካ፣ አጥንት ሙቀቱን ያዛባዋል። ሦስቱም 74 ካላሉ መልሰሽ ክተችው፣ በየ15 ደቂቃው ለኪ። ሲወጣ 20 ደቂቃ ይረፍ፣ ቶሎ ከቆረጥሽው መረቁ ሁሉ ትሪው ላይ ይፈስና ስጋው ይደርቃል። እንዲህ ሆኖ ለ7 ሰዓት በደንብ ይደርስልሻል።

መብራት ከጠፋ በሩን አትክፈቺ። አጭር ከሆነ ሙቀቱን ይይዛል፣ ሲመጣ ትቀጥያለሽ። ግማሽ ሰዓት ካለፈ ግን አትጠብቂ፦ አውጪና እንደ ዶሮ በየመገጣጠሚያው ገነጣጥዪው፣ ከባድ ድስት ውስጥ ከቅቤና ከትንሽ መረቅ ጋር ከድነሽ ከሰል ላይ ጨርሺው። ከሰሉን ጠዋት አዘጋጅተሽ አስቀምጪ። ቴርሞሜትሩ ለከሰሉም ያው ነው፣ 74።

ትክክለኛ ስጋትሽ መብራቱ ከሆነ ደግሞ ከመጀመሪያው ገነጣጥለሽ ብትጠብሺው ይሻላል። ደረቱ ብቻውን፣ ከ2 እስከ 2.7 ኪሎ የሚሆን፣ ከ1 ሰዓት ተኩል እስከ 2 ሰዓት ከ15 ነው የሚፈጀው። ለዓይን ያን ያህል አይደለም፣ ግን እኩል ይበስላል።

እና ዛሬውኑ ትሪውን ኦቨኑ ውስጥ አስገብተሽ ቁመቱን በማስመሪያ ለኪ። ሰው ተርኪ ገዝቶ በዓል ጠዋት ላይ ኦቨኑ አልበቃው ሲል አይቻለሁ።

ጤና መኮንን ነኝ፦

የተረፈውን እንዳትረሺ። የገና ቀን ሰው ሲገባ ሲወጣ ትሪው እስከ ማታ ጠረጴዛ ላይ ይውላል። ከኦቨን ከወጣ በ2 ሰዓት ውስጥ ፍሪጅ ይግባ፣ ዘግይቶ ለሚመጣ እንግዳ አሙቀሽ ስጪ። ፍሪጅ ውስጥ ከ3 እስከ 4 ቀን ነው ዕድሜው።

እናት ጓዳ፦

እሺ ልጄ፣ ሳፋ ውስጥ ቀስ ብዬ አጥበዋለሁ። በረኪናውን ግን ድሮም አልተውኩም።

የሽንብጥ ልጅ፦

ታህሳስ 30። እንዴት እንደሆነ ልንገራችሁ።

28 ማታ ሆዱ ውስጥ እጄን ሳስገባ የጎድኑ ጋ አሁንም የበረዶ ቁራጭ ነበር፣ ሦስት ቀን ተኩል ሞልቶት። ፍሪጄ በጣም ሞልቶ ነበር። አንድ ሰዓት ተኩል ቀዝቃዛ ውሃ ውስጥ፣ ሦስት ጊዜ ቀየርኩለት፣ ለቀቀ። በውሃ የለቀቀው ወዲያው ይበስላል ብላችሁኛልና ጠዋትን አልጠበቅኩም፣ 2 ሰዓት ማታ ላይ ኦቨን ውስጥ ገባ። መብራት 3 ሰዓት ላይ ሄደ፣ በሩን ሳልከፍት ቆምኩ፣ በ20 ደቂቃ መጣ። ኦቨን ከገባ 3 ሰዓት ሲሞላው ስለካው ደረቱ 75፣ ጭኑ ግን 66 ነበር። ላዩ ያምራል፣ ቴርሞሜትር ባይኖረኝ በስሏል ብዬ አወጣው ነበር። መልሼ ከተትኩት። 3 ሰዓት ከ40 ደቂቃ ሲሞላው ጭኑ 76፣ ክንፉ ስር 78። ባለቤቴን አስቀርቼ ሌሎቹን ቅዳሴ ላክኋቸው፣ ሁለታችን ቆራርጠን ስስ አድርገን ዘርግተን ፍሪጅ አስገባን፣ ከዚያ እኛም ሄድን። ሙሉውን ልጆቹ በፎቶ ነው ያዩት።

ምሳ ላይ በመረቅ አሙቄ አቀረብኩት። ትንሹ ልጅ ሁለት ጊዜ ጨመረ። እናቴ አልቀመሰችም፣ ግን ሳህኑን ወደ እንግዶቹ የምትገፋው እሷ ነበረች። ዛሬ ሁሉም ደህና ነው። አጥንቱን ለሾርባ ጥጄዋለሁ።